ወጋየሁ ያቆየው መርዶ

ባሌ ወጋየሁ ፊልም ሠሪ ነው። ይህን ስናገር ሰው ሁሉ "የትኛው ፊልም ላይ አለ?" ይለኛል። የትም የለም። እሱ በሚሠራው ፊልም ውስጥ የሚፋቀር፣ የሚካሰስ፣ ሽጉጥ የሚመዝ ሰው አይገኝም። አንድ በጋ ሙሉ ከብሎካችን ጣሪያ ላይ የሚያንጠባጥብ የውሃ ታንከር ሲቀርጽ ከርሞ፣ በላዩ ላይ በገዛ ድምፁ ስለ አባቱ ዝምታ አወራበትና "ፊልም ነው" አለኝ። ታንከሩንና አባትህን ምን አገናኛቸው ብዬ ጠየቅኩት። "እሱን ነው እኮ የማስበው" አለ። "ሌላው ሰው አስቦ ጨርሶ ይሠራል፤ እኔ እያሰብኩ ነው የምሠራው።" እንግዲህ እሱ አስቦ እስኪጨርስ እኔ የሰው ፀጉር እተኩሳለሁ ማለት ነው። ሄርሜላ እባላለሁ፤ ፀጉር ቤቴ እዚሁ ጀሞ፣ የምንኖርበት ኮንዶሚኒየም ምድር ላይ ናት።

የሚተዳደርበት ሥራ ሰርግ መቅረጽ ነው። እሱንም ቢሆን እንደ ሰው አይሠራውም። ኬክ ሲቆረስ እሱ ጥግ ላይ የቆመውን የሙሽሪትን አባት እጅ ይቀርጻል፤ አባትየው ክራባቱን ሲያጠብቅና ሲያላላ፣ ሲያጠብቅና ሲያላላ። አንዴ አንዲት የሙሽራ እናት ቪዲዮውን አይታ "ኬኩ የታለ?" እያለች ፀጉር ቤቴ ድረስ መጣች። "ኬኩማ ተበላ" አላት የምሩን። ያስታረቅኳቸው እኔ ነኝ፣ ፀጉሯን በነፃ ሠርቼ።

ክፉ ሰው አይደለም። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ኋላ የሚመጣውን ስትሰሙ እንዳትረግሙት ነው። እኔ ረግሜዋለሁ፤ ይበቃዋል።

ከእኛ በላይ ባለው ፎቅ እትዬ ንግስት ይኖራሉ። ባላቸው ከሞቱ ቆይቷል፤ ያላቸው አንድ ልጅ ነው፣ ቦጋለ፣ የጅቡቲ መስመር የከባድ መኪና ሹፌር። ዓይናቸውን ሞራ እየሸፈነው ሲመጣ ወጋየሁ ካሜራውን ይዞ ከእሳቸው ቤት አልጠፋ አለ። ማየት ሥራው የሆነ ሰው ነውና፣ ማየት እየተዋት ያለች ሴት ነገር አሳሰበው። እኔም ወጥ ይዤ ስወጣ አያቸዋለሁ፤ እሳቸው በረንዳው ላይ ወንበር ላይ፣ እሱ መሬት ላይ ተቀምጦ። አያናግራቸውም፣ እንዲህ ሁኑ እንዲያ ሁኑም አይልም። ካሜራውን አቁሞ ይጠብቃል። "ሰው ሲያዩት መጀመሪያ ፊቱን ያሳምራል" ይለኛል። "ቆይቶ ይሰለቸውና ይረሳሃል። ያኔ ነው ሰውየው ራሱ የሚመጣው።" ከስንት አንዴ "እትዬ፣ ዛሬ እንዴት ሆኜ ነው የምታይዎት?" ብሎ ይጠይቃል። "ወተት ውስጥ የተቀመጥክ ነው የምትመስለኝ" ይሉታል እየሳቁ።

ቦጋለ ጭነት ይዞ ወደ ከተማ ሲገባ ከበረንዳው ፊት ለፊት ባለው አስፋልት ነው የሚያልፈው። እዚያች ቦታ ሲደርስ መብራቱን ሁለቴ ብልጭ ያደርግላቸዋል። እሳቸው ሞራው ከያዛቸው ወዲህ መብራት ሁሉ አንድ ሆኖባቸዋል፤ ቢሆንም ማታ ማታ በረንዳ ወጥተው ይቀመጣሉ። ባለፈው ክረምት ሐኪም ቤት ገብተው የአንዱ ዓይናቸው ሞራ ተገፈፈ። ቦጋለ ከሰመራ ደውሎ "እማዬ፣ አሁን ስመጣ መብራቴን ራስሽ ታዪዋለሽ" አላቸው። ይህን ለእኔ የነገሩኝ ፀጉር ማድረቂያው ካስክ ውስጥ ተቀምጠው ነው፣ ጮክ ብለው፤ ፀጉር ቤቱ ውስጥ ያለ ሁሉ ሰማ።

ሲመለስ አዋሽን ሳያልፍ መኪናው ተገለበጠ።

ዘመዶቹ አስከሬኑን ቡታጅራ፣ በአባቱ አገር ቀበሩት። እትዬ ንግስት ግን አልተነገራቸውም። ዓይናቸው ገና ቁስል ነው፤ እንዳያለቅሱ፣ እንዳያጎነብሱ፣ እንዳያሹት ተብለዋል። የልጅ መርዶ ሰምቶ የማያለቅስ ማን ነው? የዕድራችን ሰብሳቢ ጋሽ ለሜሳ ጎረቤቱንና ዘመዱን ቤታቸው ሰብስበው "ዓይኗ እስኪድን እንያዘው" አሉ። ለአርባው ቀን ጥቂት ሲቀር የሐኪም ቀጠሮ አላቸው። ሐኪሙ ድነዋል ካለ፣ በማግስቱ ጎህ ሲቀድ መርዶውን ነግረን አርባውን ቡታጅራ ወስደን እናውላቸዋለን ተባለ። ሁሉም ተስማማ። ሐኪም ቤት የሚያደርሳቸው ደግሞ መኪና ያለው ወጋየሁ ሆነ። እሳቸውን መጠየቅማ ዋጋ የለውም፤ ፋሻው ከተነሳ ቀን ጀምሮ ላገኙት ሁሉ "ድኛለሁ" ነው የሚሉት።

እስከዚያው ብሎኩ ሁሉ ዋሸ። የቦጋለ ስልክ ጠፍቶበታል፣ ጅቡቲ ወደብ ላይ ወረፋ በዝቷል፣ መልእክት ልኳል። እትዬ ንግስት ፀጉር ቤት ሲገቡ ወሬ ይቆምና ሁሉም መስታወት መስታወቱን ያያል። ወጋየሁ ግን መቅረጹን አላቆመም። "እንዴት ያስችልሃል?" አልኩት። "አላውቅም" አለኝ። "ለብዙ ነገር ያልተዘጋጀ ፊት ነው ያላቸው። ዓይኔን ማንሳት አቃተኝ።" ያን ጊዜ ለእሳቸው ያዘነ መሰለኝ፤ አዝኖም ነበር።

የቀጠሮው ቀን ጋሽ ለሜሳ ፀጉር ቤቴ መጥተው በሴቶች መሀል ባርኔጣቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው ጠበቁ። ወጋየሁ እትዬ ንግስትን ፎቅ አድርሶ ብቻውን ወረደ።

"እህስ?" አሉት ጋሽ ለሜሳ።

"አንድ ሳምንት ጨመረ። የዓይናቸው ግፊት አልወረደም አለ።"

"አርባውስ?"

ወጋየሁ መሬት መሬት እያየ "ዓይናቸው ይበልጣል" አለ።

ጋሽ ለሜሳ ባርኔጣቸውን አዟዟሩ። ቀኑ አይገፋ ነገር አርባ ነው፤ ቡታጅራም ዝግጅቱ አልቋል። "ዓይኗ ቢጠፋ ማን ይጠየቃል" አሉ በመጨረሻ። "ሙት ዓመቱ አለ።" ተነስተው ሄዱ። እኔ ደነገጥኩ። እኔ ወጋየሁን አግብቼ የእሱ ቸርች መሄድ ከመጀመሬ በፊት አቦ ቤተ ክርስቲያን ነው ያደግኩት፤ ነፍስ በአርባኛው ቀን ማረፊያዋን ታውቃለች የሚል ቤት ነው ያሳደገኝ። እናት ከልጇ አርባ ቀረች ማለት ምን ማለት እንደሆነ አውቃለሁ። እሱ ግን የሆሳዕና ጴንጤ ልጅ ነው፤ ለእሱ አርባ ማለት ድንኳንና ንፍሮ ነው። ሐኪም ካለ ምን ይደረጋል ብዬ ወደ ሥራዬ ተመለስኩ።

የአርባው ቀን እሁድ ነበር። ከብሎካችን አንድ ሚኒባስ ሙሉ ሰው ወደ ቡታጅራ ሄደ። እትዬ ንግስት ከበረንዳ ሆነው አዩንና የት ነው ብለው ጠየቁ። አንዷ ጎረቤት ግራ ገብቷት "ሰርግ ነው" አለች። "እንኳን ደስ አላችሁ በሉልኝ" አሉ፣ እጃቸውን እያውለበለቡ። ወጋየሁ አልመጣም፤ እትዬን ብቻቸውን አልተዋቸውም ብሎ ቀረ። እኔም ጥሩ ልብ አለው አልኩ።

የተጨመረው ሳምንት ሲሞላ፣ ረቡዕ ጎህ ሲቀድ መርዶው ተነገረ። ነጠላችንን አዘቅዝቀን ወጣን። የሆነውን አልተርከውም፤ የወለደ ያውቀዋል። አንድ ነገር ብቻ ልንገራችሁ። ጩኸቱ በረድ ሲል እትዬ ንግስት "አርባውስ?" ብለው ጠየቁ። ጋሽ ለሜሳ "አልፏል፣ እህቴ። ሐኪሙ ዓይንሽ ገና ነው ስላለ ነው የቆየነው" አሏቸው። እትዬ ቀና ብለው ሰዉን ሁሉ ትተው ወጋየሁን አዩት። እሱ በሩ ጋ ቆሞ ከሁሉም ሰው በላይ ያለቅስ ነበር። ምንም አላሉትም።

ከዚያ ወዲህ ባሌ ሌላ ሰው ሆነ። የእትዬ ንግስትን ውሃ ይሸከማል፣ አምፖል ይቀይራል፣ ከአቦ ቅዳሴ ሲመለሱ መኪና ይዞ በር ላይ ይጠብቃቸዋል፤ ፊታቸውን ግን አያይም። ቤት ውስጥ ደግሞ ፊልሙ ድምፅ አጥቶ ተቀመጠ። ድምፁን የሚቀዳው ቁም ሳጥን ውስጥ ገብቶ፣ ብርድ ልብስ ተከናንቦ ነው። እኔ ውጭ ልብስ ሳጥፍ እሰማዋለሁ። "አንዲት ሴት ልጇን ትጠብቃለች" ይላል። ዝም። "አንዲት ሴት ልጇን ትጠብቃለች። እኔ ደግሞ…" ዝም። ስለ ውሃ ታንከር አንድ ሰዓት ያወራ ሰው ከዚህ አላልፍ አለ። ወራት እንዲህ ሄዱ። ምግቡን ገፋ፣ ሰርግ ላይ ኬኩን ብቻ መቅረጽ ጀመረ። ያኔ ነው በእውነት የፈራሁት።

ፒያሳ አካባቢ ያለ አንድ አዳራሽ ፊልሙን ቅዳሜ እናሳይ ብሎ ጠራው። ስንት ዓመት የጠበቀው ጥሪ ነው። እልል ልል አፌን ስከፍት ሶፋው ላይ ቁጭ ብሎ ሁለት እጁን ፊቱ ላይ አደረገ።

"ሐኪሙ ድነዋል ነው ያለው" አለኝ።

"የቱ ሐኪም?"

"ያን ቀን። ሙሉ በሙሉ ድነዋል ነው ያለው። ሳምንት የጨመርኩት እኔ ነኝ።"

ያልሰማሁ መሰለኝ። ለምን ብዬ ጠየቅኩት። ሌላ ምክንያት ይኖረዋል ብዬ ጠበቅኩ፤ አዘነላቸው፣ ፈራ፣ የሆነ ነገር።

"ሰማዩ ደመና ነበር" አለኝ። "የመጨረሻው ምስል ቀርቶኝ ነበር። በዳነው ዓይናቸው መንገዱን ሲያዩ፣ አንድ ጥርት ያለ ምሽት ብቻ ነበር የፈለግኩት። መርዶው ከተነገረ በኋላ እኮ ያ ፊት አይመለስም።"

"መቼ ጠራልህ?"

"እሁድ።"

እኛ ቡታጅራ ስናለቅስ። እጄ ላይ ያለውን ማበጠሪያ ወረወርኩበት። አልሸሸም፤ ትከሻውን መታው፣ እሱ ግን ከሚገባው ያነሰበት ሰው ይመስል ማበጠሪያውን አንስቶ መልሶ ሰጠኝ። ይሄ ይበልጥ አናደደኝ። በሕይወቴ እንደዚያ ቀን ባሌን ጠልቼው አላውቅም። "ከቅዳሜ በፊት ትነግራቸዋለህ" አልኩት። "ካልነገርክ እኔ እነግራቸዋለሁ።"

"ፊልሙ ውስጥ እላለሁ። በድምፄ…"

"ይቅርታ በስፒከር ነው እንዴ የሚጠየቀው? ጉድ ነው እኮ። አዳራሽ ሙሉ ሰው ሊሰማህ፣ እሳቸው መጨረሻ ላይ ሊሰሙ?"

ወጋየሁ ሐሙስ አመሻሽ ላይ ፕሮጀክተሩን ተሸክሞ ወደ ላይ ወጣ፤ እኔም ተከተልኩት። እትዬ ንግስት ጥቁር ልብሳቸውን እንደለበሱ መነጽራቸውን አድርገው ተቀመጡ። ግድግዳው ላይ የራሳቸው በረንዳ መጣ። ወንበሩ፣ ዝናቡ፣ ባዶው የልብስ ገመድ። "ወተት ውስጥ የተቀመጥክ ነው የምትመስለኝ" ሲሉ ግድግዳው ላይ ሰምተው ፈገግ አሉ። ምስሉ ቸኩሎ የትም አይሄድም፤ እኔ እንኳ ሁልጊዜ "ቶሎ በል" የምለው ያን ቀን እንዳያልፍ ፈለግኩ። ምን እንደሚሠራ የገባኝ ያኔ ነው፣ ብናደድበትም። አንድን ሰው እንዲህ ረጅም ጊዜ ዝም ብዬ አይቼ አላውቅም።

በመጨረሻ ያቺ እሁድ መጣች። ሰማዩ ጠርቷል። እትዬ ንግስት አዲሱን ዓይናቸውን ወደ አስፋልቱ አድርገው ተቀምጠዋል። መኪናዎች ያልፋሉ። ብዙ ቆይቶ አንድ ከባድ መኪና ከሩቅ መብራቱን ሁለቴ ብልጭ አደረገ፤ ማን ያውቃል፣ ከፊቱ ላለ ሹፌር ይሆናል። እትዬ ከወንበራቸው ብድግ አሉ። እጃቸውን አፋቸው ላይ አደረጉና ሳቁ። መኪናው አልቆመም፤ አለፈ። እሳቸው ግን "አየሁት" አሉ፣ ለካሜራው ሳይሆን ለራሳቸው።

እዚህ ላይ የወጋየሁ ድምፅ ሊመጣ ነበር። ፊልሙ ዝም አለ። እሱ ራሱ ከተቀመጠበት ተነስቶ ግድግዳው ፊት ቆመ፤ የእሳቸው ሳቅ ሸሚዙ ላይ ወደቀ።

"እትዬ፣ የዚያን ዕለት አርባው ነበር" አለ። "ሐኪሙ ድነዋል ብሎኝ ነበር። ገና ነው ብዬ የዋሸሁት እኔ ነኝ። ይቺን ምስል ፈልጌ ነው።"

ይጮሃሉ ብዬ ክንዳቸውን ያዝኩ። አልጮኹም። መነጽራቸውን አውልቀው በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉ።

"ሐኪሙ የነገረው ለአንተ ብቻ ነው እንዴ?" አሉት። "ወንበሩ ላይ የነበርኩት እኔ ነኝ። 'እናቴ፣ ድነዋል፣ ከእንግዲህ እንደ ልብዎ ይሁኑ' አለኝ። የመርዶው ዕለት ለሜሳ ሐኪሙ ነው ያስቆየን ሲል ያኔውኑ ገባኝ።"

"ታዲያ ለምን ዝም አሉ?" አልኩ እኔ። አፌ ነው ያወጣው።

"እስኪነግረኝ ስጠብቅ። ውሃ ይዞ ሲመጣ ዛሬ ይነግረኛል እላለሁ። አምፖል ሊቀይር ሲመጣ ዛሬ ይነግረኛል እላለሁ። መጠበቅ እንደሆን ለምጄዋለሁ" አሉና ወደ እሱ ዞሩ። "አንተም ስትቀርጸኝ ከርመሃል።"

ወጋየሁ እግራቸው ላይ ወደቀ። ውሃ በተሸከመበት፣ አምፖል በቀየረበት ወራት ሁሉ ለሁለተኛ ጊዜ ሲያስጠብቃቸው እንደኖረ ያን ጊዜ ነው የገባው። ጉልበታቸውን ይዞ ይቅርታ ይቅርታ ሲል እትዬ እጁን ቀስ ብለው አስለቀቁ።

"ተነስ። እኔን ብቻ አይደለም የበደልከው" አሉት። "ቅዳሜ ቡታጅራ ትወስደኛለህ።"

ቅዳሜ ፊልሙ የሚታይበት ቀን መሆኑን ልናገር ስል ወጋየሁ ቀደመኝ። "እሺ" አለ። እዚያው ደረጃው ላይ ሆኖ አዳራሹ ጋ ደወለና ፊልሙን እንደማያሳይ ነገራቸው። ለምን እንደሆነ ሲጠይቁት "ገና አላለቀም" አላቸው። አልዋሸም።

ቅዳሜ ጠዋት እትዬ ንግስት ከፊት፣ እኔ ከኋላ ተቀምጠን ወጣን። ካሜራው ቤት ቀረ። ከዓለም ገና በኋላ እትዬ ንግስት የሚያልፈውን ከባድ መኪና ሁሉ አንገታቸውን እያዞሩ ያያሉ። ወጋየሁ ፊት ለፊቱን ብቻ ያያል።

ከመርዶው በኋላ ዘመዶቻቸው አንዴ መቃብሩ ጋ አምጥተዋቸው ነበር። ቦታውን ሳይጠይቁ አገኙት። አጎንብሰው ድንጋዩ ላይ ያለውን አፈር በእጃቸው ጠረጉ፤ አሁን ማጎንበስ ይችላሉ።

"ቦጋለ" አሉ፣ በር አንኳኩተው እንደሚጠሩት ዓይነት። "ልጄ፣ ባለፈው ስመጣ አርባህ ላይ ለምን እንደቀረሁ የምነግርህ አጥቼ ነበር። ይኸው ያስቀረኝን ሰው ይዤልህ መጣሁ።"

ከዚያ ወደ ጎን ፈቀቅ ብለው ለወጋየሁ ቦታ ለቀቁለት።

"ንገረው" አሉት።

ወጋየሁ ወደ እኔ ዞረ፤ ፊቴን አዞርኩበት። እንዲህ ያለው ነገር በሚስት አይታገዝም። ጫማውን አወለቀና ድንጋዩ አጠገብ ተንበረከከ፤ ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ መጀመሪያ ምንም አልተሰማም።

"ሰማዩ ደመና ነበር" ብሎ ጀመረ።